የእንዚራ ነገር

ከመገናኛ ወደ ኮተቤ የሚወስደውን መንገድ ይዞ የሚጓዝ ሰው ላምበረት ሲደርስ ከሁሉ አስቀድሞ የሚቀበለው ድምፅ ነው። እኔ በዚያ ሰፈር ቤት ተከራይቼ በተቀመጥሁባቸው ዓመታት፣ ገና ጎሕ ሳይቀድ፣ ወደ ደብረ ብርሃንና ወደ ደሴ የሚሄደውን መንገደኛ የሚጠሩ ረዳቶች እየተቀባበሉ ሲጮኹ፣ የአውቶቡሶቹ ሞተር ሲያጓራ፣ ተሸካሚዎች በጓዝ ዋጋ ሲከራከሩ እሰማ ነበር። ስሙን ብቻ የሰማ እንግዳ ላምና በረት ይጠብቅ ይሆናል፤ በእኔ ግን «ላም አለኝ በሰማይ» የተባለው ደርሶብኝ፣ ስሙን እንጂ ወተቱን አላየሁም። ሰው ፊቱን ወደ ላይ፣ ወደ የካ ኮረብታ የመለሰ እንደ ሆነ ደግሞ ሌላ ዓለም ነው። ባሕር ዛፉን ነፋስ ሲነካው የሚያሰማው ሹክሹክታ የታቹን ጩኸት ይሸፍነዋል። የተከራየኋት ክፍል በሁለቱ መካከል ስለ ነበረች፣ ባንድ ጆሮዬ መናኸሪያውን፣ በሌላው ጫካውን እያደመጥሁ ነው ይህን የምተርከውን ሥራ የጀመርሁት።

ሥራው ምን ነበር ቢሉ፣ በኮምፒዩተር ውስጥ በገና መሥራት ነበር።

ነገሩ የተነሣው እንዲህ ነው። የምኖርበት ግቢ ባለቤት በዕድሜ የገፉ፣ በወጣትነታቸው በገና በመደርደር የታወቁ ሽማግሌ ነበሩ። እኔም እንደ ግቢው ልጆች ሁሉ «አባባ» እላቸው ነበር። በገናቸው ከአልጋቸው ራስጌ በነጭ ጨርቅ ተሸፍኖ ተሰቅሏል። ነገር ግን የጣቶቻቸው መገጣጠሚያዎች ካበጡና ከደነደኑ ወዲህ ሁለት ዐቢይ ጾም እንዲሁ አልፎ ነበር፤ አውታሩን ለመምታት የሚበቃ ኃይል በግራ እጃቸው አልቀረም። እኔ በሙያዬ የፊዚክስ መምህር ነኝ፤ የማታ ጊዜዬን የማሳልፈው ግን በኮምፒዩተር ዜማ በማቀናበር ነው። አንድ ምሽት ከክፍሌ የሚወጣውን ድምፅ ሰምተው ከደጄ ቆሙና፣ «ልጄ፣ ይህ ሣጥንህ የሁሉን ድምፅ ያወጣል ይሉኛል። በገናስ ይናገራል?» ሲሉ ጠየቁኝ።

«ይናገራል፣ አባባ» አልኋቸው። ያን ቃል ባልተናገርሁ ኖሮ ስንት ሌሊት በእንቅልፍ ባሳለፍሁ ነበር!

የተናገርሁት ግን ያለ ምክንያት አልነበረም። ሲንተሳይዘር የሚባለው መሣሪያ ድምፅን ከኤሌክትሪክ የሚፈጥር ነውና፣ በጥበብ የያዘው ሰው የማያወጣበት ድምፅ የለም ብዬ አምን ነበር። አሜሪካዊው ሮበርት ሙግ እ.ኤ.አ. በ1964 የመጀመሪያውን ሲያሳይ መሣሪያው በሽቦ የተተበተቡ ሣጥኖች ስብስብ ነበር። በ1967 ደግሞ ጆን ቻውኒንግ የተባለ የስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲ ሰው አንዱን ሞገድ በሌላው ሞገድ እያንቀጠቀጡ የደወልን፣ የነሐስንና የእንጨትን ድምፅ የመሰለ ነገር ማውጣት እንደሚቻል ተረዳ፤ የጃፓኑ ያማሃ ኩባንያም ይህንኑ ዘዴ ይዞ በ1983 ዲ ኤክስ 7 የተባለውን ኪቦርድ ለገበያ አቀረበ። ያገራችን ሰዎችም ከዚህ ጉዳይ ወደ ኋላ አልቀሩም። የዋልያስ ባንድ ባልደረባ የነበሩት ኃይሉ መርጊያ በ1981 ከባንዱ ጋር ወደ አሜሪካ ሄደው እዚያው ከቀሩ በኋላ፣ በ1985 በዋሽንግተን አኮርዲዮንን ከሲንተሳይዘር ጋር ብቻቸውን አዋሕደው «ሸሞንሟናዬ» የተባለውን ካሴት አወጡ። ከዚያ በኋላ ለብዙ ዓመታት ታክሲ ሲነዱ፣ መንገደኛ እስኪመጣ ድረስ ከመኪናቸው ውስጥ ሆነው ትንሽ ኪቦርድ ይለማመዱ ነበር ይባላል። ካሴቱ በ2013 እንደ ገና ሲታተም ዓለም ተሻምቶ ሰማው። የኛ ዜማ በማሽን ውስጥ ገብቶ ሞገሱን ሳያጣ ሊወጣ እንደሚችል ከዚህ የበለጠ ምስክር አልፈልግም።

ባሁኑ ጊዜ ያ ሁሉ ሣጥንና ሽቦ ቀርቶ መሣሪያው ራሱ ፕሮግራም ሆኗል። ስታይንበርግ የተባለው የጀርመን ኩባንያ በ1999 ባወጣው ሥርዓት መሠረት፣ የሙዚቃ መሣሪያ የሆነ ፕሮግራም በሌላ ትልቅ ፕሮግራም ውስጥ ገብቶ እንደ ደባል ይቀመጣል፤ ስሙንም ፕለጊን ይሉታል። እኔ የምገለገልበት ደባል ሰርጅ ይባላል። ክላስ ዮሃንሰን የተባለ ሰው ሠርቶት ሲሸጥ ከኖረ በኋላ፣ በ2018 የውስጥ አሠራሩን ለማንም ክፍት አድርጎ ስለ ሰጠው፣ ከዚያ ወዲህ በጎ ፈቃደኞች እየተባበሩ ያሳድጉታል። ዋጋ አይጠየቅበትም። የመምህር ደመወዝ የሚያውቅ አንባቢ ይህ ምን ያህል ትልቅ ቁም ነገር እንደ ሆነ ይረዳልኛል።

የመሣሪያው አሠራር ላልለመደው ሰው ያስፈራል እንጂ ሥርዓቱ ቀላል ነው። ከሁሉ በፊት ኦሲሌተር የሚባል ሞገድ አመንጪ አለ፤ በሰርጅ ውስጥ ለአንድ ድምፅ ሦስት እየሆኑ ይሰለፋሉ። ከእነርሱ የሚወጣው ሞገድ ጥሬ ነው። ቀጥሎ ፊልተር ወይም ማጣሪያ ይመጣና፣ ጠጅ ጣይ ገፈፉን እንደሚያጠልል፣ ከሞገዱ ውስጥ ቀጭኑን ወይም ወፍራሙን ክፍል ያስቀራል። ከዚያም ኤንቨሎፕ አለ። ይህ ድምፁ በስንት ጊዜ እንደሚወለድ፣ በስንት ጊዜ እንደሚዝል፣ ጣት ከቁልፉ ሲነሣም እንዴት እንደሚያርፍ የሚወስን ነው። በመጨረሻም ቀስ ብለው የሚወዛወዙ፣ በጆሮ የማይሰሙ ሞገዶች አሉ፤ ሥራቸውም ሌሎቹን ቁልፎች እንደማይታይ እጅ ማዞር ነው። ድምፅ የሚሠራ ሰው ሙያው እነዚህን ማገናኘት ነው፤ ማንን ከማን ጋር ቢሉ፣ መልሱ ጆሮ ነው።

አንዳንድ ወዳጆቼ፣ «ለምን ትደክማለህ? በገናውን ቅዳና ቅጂውን በቁልፉ ላይ አስቀምጠው» ይሉኝ ነበር። ይህንንም ሞክሬአለሁ። የአባባ የልጅ ልጅ፣ የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ ናት፣ ዐሥሩን አውታሮች አንድ በአንድ መታችልኝ፤ እኔም ቀዳሁ። ቅጂውን ስሰማው በሦስተኛው አውታር ውስጥ የአውቶቡስ ጡሩምባ፣ በሰባተኛው ውስጥ «አንድ ሰው! አንድ ሰው!» የሚል ረዳት ገብቶበታል። ይህስ ይቅር፤ በሌሊት ሊቀዳ ይቻላል። ዋናው ችግር ቅጂ እንደ ፎቶግራፍ መሆኑ ነው። ደርዳሪው አንዱን አውታር መቶ ጊዜ ቢመታ መቶውም ይለያያሉ፤ ቅጂው ግን መቶ ጊዜ ያንኑ አንዱን ምት ይመልስልሃል። ስለዚህ ድምፁን ራሱን ልውለድ ብዬ ቆረጥሁ።

የመጀመሪያው ሙከራዬ ማንም ጀማሪ የሚያደርገው ነበር። የመጋዝ ጥርስ የሚመስለውን ሞገድ መረጥሁ፤ የበገና ድምፅ ነዛሪ ነውና ነዛሪ ሞገድ ይገባዋል ብዬ ነው። ድምፁን ዝቅ አደረግሁ፣ ማጣሪያውን ጥቂት ዘጋሁ፣ የቤተ ክርስቲያን አዳራሽ የመሰለ ማስተጋቢያ ጨመርሁበትና አባባን ጠራሁ። የጆሮ ማዳመጫውን አደረግሁላቸው። ዐይናቸውን ጨፍነው ጥቂት ካዳመጡ በኋላ፣ «ይህ ቆርቆሮ ውስጥ የገባ ንብ ነው» ብለው ማዳመጫውን በትሕትና መለሱልኝ።

ሁለተኛው ሙከራዬ ከዚህ የተሻለ መሠረት ነበረው። በ1983 ኬቪን ካርፕለስና አሌክሳንደር ስትሮንግ የተባሉ ሁለት ሰዎች ያሳተሙት ዘዴ አለ፤ በክፍል ውስጥ ለተማሪዎቼ ስነግራቸው ሁልጊዜ ይደነቃሉ። አንዲት አጭር የቁጥሮች ሰልፍ ትወስዳለህ። በእነዚህ ቁጥሮች ምትክ እንዲያው ያለ ሥርዓት የተበተነ ጫጫታ ትሞላበታለህ። ከዚያ ሰልፉን ደግመህ ደጋግመህ ታነባለህ፤ በየዙሩም እያንዳንዱን ቁጥር ከጎረቤቱ ጋር ደምረህ ለሁለት ታካፍለዋለህ። ኮምፒዩተሩ በአንድ ሴኮንድ 44,100 ቁጥሮች የሚያነብ ከሆነና ሰልፉ 441 ቁጥሮች ያሉት ከሆነ፣ ዙሩ በሴኮንድ መቶ ጊዜ ያህል ይመለሳል። ከዚያ ጫጫታ ውስጥ፣ ማንም ሳይጠብቀው፣ የተመታ አውታር ድምፅ ይወጣል፤ ጎረቤትን ከጎረቤት ማቻቻሉ ሹሉን ድምፅ ቀስ በቀስ ስለሚያለዝበው፣ ልክ እንደ እውነተኛ አውታር እየለሰለሰ ይሞታል። ሰርጅ በዚሁ አሳብ የተሠራ፣ ስሙም አውታር የተባለ ሞገድ አመንጪ አለው። በእርሱ ሠራሁና ደስ ብሎኝ ለአባባ አሰማሁ።

አሁን ማዳመጫውን ቶሎ አልመለሱም። ደግመህ አሰማኝ አሉ። ከዚያም፣ «ይህ ጥሩ ነው። ክራር ነው» አሉኝ።

እውነታቸውን ነው! አውታርን እንጂ በገናን አልሠራሁም ነበር። በዚያች ምሽት አባባ በገናውን ከራስጌአቸው አስወርደው ጨርቁን ገለጡና የማላውቀውን አሳዩኝ። የበገና አውታር ከበግ አንጀት የተፈተለ ነው፤ ከላይ ከቀንበሩ ይታሰርና ወርዶ በርኩማ በተባለው ድልድይ ላይ ያልፋል። ታዲያ በእያንዳንዱ አውታርና በበርኩማው መካከል እንዚራ የምትባል ቁራጭ ቆዳ ትገባለች። አውታሩ ሲመታ በነፃ አይወዛወዝም፤ ቆዳይቱንና በርኩማውን እየነካካ፣ እየተነሣ እየወደቀ ይንጫጫል። ያ የምናውቀው፣ አጥንት ድረስ የሚዘልቀው የበገና ንዝረት የሚወለደው ከዚህ መነካካት ነው። አባባ ልጅቱን አንዱን አውታር እንድትመታ አዘዟትና እንዚራዋን በጥፍራቸው የፀጉር ያህል ገፋ አደረጓት፤ ንዝረቱ ጠፋ። አንጀቱ እንደ ክራር «ደም» ብሎ ዝም አለ። በፀጉር ያህል መለሷት፤ በገናው ተናገረ።

«እኛ ልጆች ሳለን መምህራችን መደርደርን ሳያሳየን ለወራት ያስተማረን ይህችን ቆዳ ማስቀመጥ ነበር» አሉኝ።

በዚህ ላይ ጥቂት ልቆይ፤ ለእኔ የነገሩ ሁሉ ቁልፍ እዚህ ነውና። በሲንተሳይዘር የተመታ አውታር የሚሠራ ሰው ሁሉ የሚከተለው አንድ ልማድ አለ፤ ይኸውም ድምፁ ሲወለድ ብሩህ ይሁን፣ ከዚያ ማጣሪያው እየተዘጋ ይጨልም የሚል ነው። ፒያኖም፣ ጊታርም፣ ክራርም እንዲሁ ናቸው። የበገና ነገር ግን ተገላቢጦሽ ነው። ምቱ ራሱ ለስላሳ ነው፤ ጣት ነውና። ብርሃኑ የሚመጣው ከምቱ በኋላ ነው፤ አውታሩ እንዚራዋን መነካካት ሲጀምር ንዝረቱ ያብባል፣ ከዚያም መሠረታዊው ድምፅ እየደከመ ሳለ ከላይ ያሉት ቀጫጭን ድምፆች ገና ሳይለቁ ይቆያሉ። ደርዳሪው በአንዱ ምትና በሚቀጥለው መካከል የሚታገሠው ይህን ለማድመጥ ይመስለኛል። ስለዚህ ልማዱን ሁሉ ገለበጥሁት። ማጣሪያው ከምቱ በኋላ ቀስ ብሎ እንዲከፈት፣ ሞገዱን የሚያጣምመው ክፍልም አውታሩ እየደከመ በሄደ መጠን እንዲበረታ አደረግሁ። ይህን ባላደርግ ኖሮ ድምፁ ሲቀንስ ንዝረቱም አብሮ ይጠፋ ነበር። አንድ ሌላ ነገርም ጨመርሁ። ሰርጅ ቁልፍ በተነካ ቁጥር አዲስ የዕጣ ቁጥር የሚያወጣ ምንጭ አለው፤ ያን ከንዝረቱ መጠን ጋር አገናኘሁት፤ እንዚራዋ በየምቱ የፀጉር ያህል የተንቀሳቀሰች ይመስላል። ሁለት ምት ዳግመኛ አንድ ዓይነት አልሆነም።

ይህ ሁሉ የተሠራው መብራት በሚመጣበትና በሚሄድበት መካከል መሆኑንም አንባቢ ያስብልኝ። አንድ ሌሊት ሥራዬን ሳላስቀምጥ መብራት ጠፍቶ የሦስት ሰዓት ድካም ከነፋስ ጋር ሄደ፤ ለካ የኮምፒዩተሬ ባትሪ ከሞተ ቆይቷል። በማግሥቱ ባትሪ ገዛሁ።

ለሦስተኛ ጊዜ አባባን ስጠራ እርግጠኛ ነበርሁ። የጆሮ ማዳመጫውንም ትቼ በድምፅ ማጉያ አሰማኋቸው። ልጅቱም መጥታ ከደጃፉ ቆመች። የመጀመሪያዎቹን ሁለት ምቶች ሲሰሙ አንገታቸውን ዘንበል አደረጉ። በአራተኛው ላይ ግን ፊታቸው ተለወጠና፣ «ይህን ማን ነካው?» አሉ።

ጥፋቱ የኔ ነበር። የልጅቱን ምቶች በቀዳሁ ጊዜ ቁመታቸውን በስልኬ ለክቼ ነበር። የፒያኖ ሥርዓት አንዱን ኦክታቭ በ12 እኩል ደረጃዎች ይከፍለዋል፤ እያንዳንዱ ደረጃም 100 ሴንት ይባላል፤ ኦክታቩ በጠቅላላው 1,200 ሴንት ማለት ነው። የአባባ በገና የተቃኘው በአንቺ ሆዬ ነበር። አራተኛው አውታር ከሚቀርበው የፒያኖ ቁልፍ 35 ሴንት ያህል ዝቅ ብሎ፣ ስድስተኛው ደግሞ 20 ያህል ከፍ ብሎ አገኘኋቸው። እኔም በልቤ፣ በገናው ሁለት ዓመት ተሰቅሎ ስለ ቆየ ረግቧል ብዬ ፈረድሁና ሁሉንም ወደ ቅርቡ ቁልፍ አስተካከልኋቸው። ለሽማግሌው ውለታ የዋልሁ መስሎኝ ነበር! ልጅቱ ግን በገናውን በሰጠችኝ ዕለት አያቷ አጠገቧ ተቀምጠው አንድ ሰዓት ሙሉ ሲያስቃኙአት መዋላቸውን ስነግራቸው ሰምታ፣ «መምህር፣ እኮ ቃኝተነው ነበር!» ስትለኝ የምገባበት ጠፋኝ።

አባባ አልተቆጡም። «እዚህ ላይ» አሉ፣ ደረታቸውን በእጃቸው እያመለከቱ፣ «አንቺ ሆዬ እዚህ ላይ ነው ታጠፍ የምትለው። አንተ ቀና አደረግሃት።»

ከትዝታ፣ ከባቲና ከአምባሰል ጋር ካራቱ ቅኝቶቻችን አንዱ የሆነው አንቺ ሆዬ ከፒያኖ ቁልፎች ጋር እንደማይስማማ በመጻሕፍት አንብቤ ነበር፤ ለተማሪዎቼም ተናግሬአለሁ። የማውቀውን ነገር ግን እጄ አላወቀውም ነበር። ስንት የሠርግና የበዓል ዜማ በኪቦርድ ስንጫወት እንዲህ ቀና አድርገነው ይሆን? ልጆቻችንስ ቀና ያለውን ሲሰሙ አድገው የታጠፈውን ስሕተት ነው ቢሉ ማን ይፈርድባቸዋል? ማሽኑን እንዳንወቅስ፣ ማሽኑ በር አለው። ሰርጅ ስካላ በሚባለው ሥርዓት የተጻፈ የቅኝት መዝገብ ይቀበላል፤ መዝገቡም ማንም ተማሪ ሊጽፈው የሚችል ተራ ጽሑፍ ነው፤ ድምፆቹን በሴንት አንድ በአንድ በየመሥመሩ መደርደር ብቻ ነው። በሩን ሳይከፍት የኖረው ሰው ነው፤ ከነዚያም አንዱ እኔ ነኝ።

በሚቀጥሉት ሦስት ምሽቶች አባባ አጠገቤ ተቀመጡ። እኔ ቁጥር እጽፋለሁ፤ እሳቸው ያደምጣሉ። «ዝቅ» ይላሉ፤ አምስት ሴንት እቀንሳለሁ። «ጥቂት መልስ» ይላሉ፤ ሁለት እጨምራለሁ። ሁለት ሴንት በፊዚክስ መጽሐፍ ውስጥ ከቁም ነገር የማይገባ ልዩነት ነው፤ ሽማግሌው ግን በዚያች ላይ ይከራከሩኝ ነበር። አምስት ድምፆች ያሉት መዝገብ በኪቦርዱ ላይ ሲገባ ከመነሻው ስድስተኛው ቁልፍ ኦክታቭ ይሆናልና ጣቶቼ የለመዱትን ሁሉ አጡ፤ እንደ ሕፃን እንደ ገና መቁጠር ጀመርሁ። በመጨረሻ አራተኛው መሥመር ላይ የተጻፈው ቁጥር እኔ መጀመሪያ ለክቼ ከጣልሁት ከሦስት ሴንት በላይ አልራቀም።

እንጦጦ ላይ የተወለዱት ዓለሙ አጋ በቅዱስ ያሬድ የሙዚቃ ትምህርት ቤት በገና ያስተምሩ እንደ ነበር፣ ድርደራቸውም «ኢትዮጲክ» በተባለው ተከታታይ እትም በ11ኛው ቁጥር እንደ ወጣ ለአባባ ነግሬ አንድ ምሽት አሰማኋቸው። በዝምታ አደመጡ። የእኔን ድምፅ ከዚያ አስከትዬ ላሰማቸው ስል ግን እጃቸውን አንሥተው ከለከሉኝ። «ያን ሰምተን ይህን አንሰማም» አሉኝ። ስድብ አልነበረም፤ እኔም እንደ ስድብ አልቆጠርሁትም። በኮምፒዩተሩ ውስጥ የሠራሁት ነገር ከእንዚራ የተማረ እንጂ እንዚራ ያለው አይደለም። ለጸሎት ቦታም እንዳልወስደው ቃል አስገብተውኛል፤ ቃሌን ጠብቄአለሁ።

ዐቢይ ጾም በገባ በሁለተኛው ሳምንት፣ ከምሽቱ ሁለት ሰዓት ላይ መብራት ጠፋ። ልጅቱ በሬን አንኳኳችና፣ «አያቴ ከነኮምፒዩተርዎ ይምጡ ብለዋል» አለችኝ። ስገባ አባባ ጧፍ አብርተው፣ ልጅቱ በገናውን ታቅፋ እንድትቀመጥ ትንሽ በርጩማ አዘጋጅተዋል። አዲስ አንጀት ተገዝቶ አውታሮቹ ተለውጠው ነበር። በዚያን ሰሞን የአባባ አንዱ ጆሮ መድከም ስለ ጀመረ ቅኝቱን ብቻቸውን ለማግኘት ተቸግረዋል።

«አራተኛዋን አሰማኝ» አሉ። ኮምፒዩተሬን ከፍቼ አራተኛውን ቁልፍ ተጫንሁ። ልጅቱ መቃኛውን በሁለት እጇ ይዛ ጠመዘዘችና አውታሩን መታች። «ገና ነው» አሉ አባባ። ጠመዘዘች። «አልፈሻል።» መለሰች። እኔ ቁልፉን እንደ ተጫንሁ ነኝ፤ ሁለቱ ድምፆች ተቀራርበው በመካከላቸው የሚመታው ማዕበል ቀስ፣ ቀስ፣ እያለ ቆመ። ስድስተኛዋንም እንዲሁ አደረግን። ከዚያ አባባ ጎንበስ ብለው፣ ባበጠው ጣታቸው ጥፍር፣ እንዚራዎቹን አንድ በአንድ ገፋ ገፋ አደረጓቸው።

ልጅቱ አንድ ጊዜ መታች። ድምፁ ከምቱ በኋላ አበበ።

«አሁን ዝጋው» አሉኝ አባባ።

ዘጋሁትና ከጧፉ ራቅ ብዬ ከመደቡ ጫፍ ተቀመጥሁ።